ስድስት በር ባለው ሰማይ ሥር፦ የጸዳለ ሕይወት

(ጎንደር ውስጥ ለሥነ ጽሑፍ ወዳጆች የቀረበ ንግግር። ለንባብ እንዲመች ጥቂት ተስተካክሏል።)

የተከበራችሁ አባቶቼና እናቶቼ፣ ወንድሞቼና እህቶቼ፣ እንደምን ዋላችሁ?

ዛሬ የማወራችሁ ስለ አንዲት ሳይንቲስት ሕይወት ነው። ስሟ ጸዳለ ይባላል። የትም ብትፈልጓት አታገኟትም። ገና ያላለቀ ልብ ወለዴ ውስጥ የምትኖር፣ እኔው የፈጠርኳት ሴት ናት። አገሯ ሠርቅ ይባላል። እሱም ካርታ ላይ የለም።

በሌለች ሴት ሕይወት ይህን ያህል ሰው ማስቀመጤ ያለ ምክንያት አይደለም። ለመጻፍ ፍላጎት ያላቸው ልጆች ረቂቃቸውን ያሳዩኛል። በአማርኛ የራሳቸውን ዓለም እየፈጠሩ መጻፍ መጀመራቸው በጣም ደስ ይለኛል። አንድ ነገር ግን ያሳስበኛል። በእነዚህ ዓለማት ውስጥ ሳይንቲስት ሲመጣ ወይ ጠንቋይ ሆኖ ይመጣል፣ ወይ ፀጉሩን ያንጨባረረ እብድ። ድስት ውስጥ የሆነ ነገር ያፈላል፣ አንድ ሌሊት “አገኘሁት!” ብሎ ይጮኻል፣ አለቀ። መቼ ለካ? በምን ለካ? ልኬቱ እንዳላታለለው በምን አወቀ? የለም።

እኔን ደግሞ የያዘኝ ጥያቄ ይሄው ነው። እኛ አገር አንድ ሰው “ፈረሴ በረረ” ቢል ማንም አያምነውም። ፈረስ በሚበርበት አገር ግን ሰው ሁሉን ያምናል። ለማመን የማይከብድ ነገር የለማ! ታዲያ እንዲህ ባለ አገር “ቆይ፣ ይሄ እውነት ነው ወይ?” ብሎ የሚጠይቅ ሰው እንዴት ይኖራል? ምን በልቶ፣ ምን ሠርቶ፣ ከማን ጋር ተጣልቶ? ጸዳለን የፈጠርኳት ይህን ለማወቅ ነው።

ከሰማዩ ልጀምር። ሰማዩን ከሩቅ አላመጣሁትም። እዚሁ ጎንደር፣ አድባራቱ ውስጥ ሲነበብና ሲተረጎም ከኖረው ከመጽሐፈ ሄኖክ ነው የወሰድኩት። ይህ መጽሐፍ ሙሉ ሆኖ የቆየው በግዕዝ ብቻ መሆኑን ብዙዎቻችሁ ታውቃላችሁ። በ1770 እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ጎንደር የገባው ጄምስ ብሩስ ሲመለስ ቅጂዎቹን ይዞ ሄደ። የአውሮፓ ሊቃውንት ሙሉውን መጽሐፍ ያገኙት ከዚያ በኋላ ነው። እና በዚህ መጽሐፍ ውስጥ ስለ ብርሃናት አካሄድ የሚናገር ሰፊ ክፍል አለ። ፀሐይ በምሥራቅ ስድስት በሮች አሏት። በምዕራብም ስድስት። በአንደኛው ወጥታ በትይዩው ትገባለች። በየበሩ 30 ወይም 31 ጠዋት ትወጣለች፣ ከዚያ ወደሚቀጥለው በር ታልፋለች። ሌሊት ሌሊት በሰሜን በኩል ዞራ ወደ ምሥራቅ ትመለሳለች። ቀንና ሌሊቱ አንድ ላይ 18 ክፍል ነው። ቀኑ ረጅም በሆነበት ጊዜ 12ቱ የቀን፣ 6ቱ የሌሊት ይሆናል። ባጠረበት ጊዜ ደግሞ ይገለበጣል። ዓመቱ 364 ቀን ነው።

እዚህ ካህናት አባቶች ስላሉ አንድ ነገር በግልጽ ልናገር። መጽሐፉን ልፈትሽ አልተነሳሁም። ለእኔ ቅዱስ መጽሐፍ ነው፤ የመተርጎሙ ሥራም የሊቃውንቱ ነው። እኔ ያደረግኩት ሌላ ነው። እያንዳንዱ ቃል እንደተጻፈው የሚሆንበት አንድ አገር ብናስብ፣ እዚያ የሚኖር ሰው ምን ያያል? ምን ይቆጥራል? ይሄን ነው የጠየቅኩት።

ከእኛ ሰማይ ጋር አስተያዩት። ጎንደር ላይ የዓመቱ ረጅሙ ቀንና አጭሩ ቀን የሚለያዩት በአንድ ሰዓት ተኩል ገደማ ነው። ብዙ ሰው ልብም አይለውም። ቀን የሌሊት እጥፍ ሆኖ እንድታዩ እስከ ፓሪስ ድረስ ወደ ሰሜን መሄድ አለባችሁ። ሠርቅ ውስጥ ግን ገበሬው የሚዘራውም የሚያጭደውም በዚህ ልዩነት ነው።

ዓመቱም እንደዚያው። 364 ለ7 ሲካፈል 52 ይሆናል፣ ቀሪ የለውም። ስለዚህ ሠርቅ ውስጥ ማክሰኞ የተወለደ ልጅ ልደቱ ዕድሜ ልኩን ማክሰኞ ነው። የበዓል ቀን አይንከራተትም። ጳጉሜን የለም፣ በአራት ዓመት አንዴ የምትጨመር ስድስተኛ ቀንም የለችም። ይህን ዓመት አምጥተን እዚህ ብንጠቀምበት ግን ጉድ ይፈላ ነበር። የእኛ ዓመት 365 ቀን ከሩብ ነው። በየዓመቱ አንድ ቀን ከሩብ እየቀደመ፣ በ100 ዓመት 125 ቀን ይቀድማል። እንቁጣጣሽ ግንቦት 1፣ በልደታ ቀን ይውላል ማለት ነው። አደይ አበባውን ከየት እናመጣዋለን?

ከሁሉ በላይ የሚገርመኝ ግን የጨረቃዋ ነገር ነው። ሄኖክ እንደሚለው የሙሉ ጨረቃ ብርሃን የፀሐይ ብርሃን አንድ ሰባተኛ ነው። በእኛ ሰማይ ሙሉ ጨረቃ ከፀሐይ ብርሃን አራት መቶ ሺህኛ ያህል ብቻ ናት። ለዚህ ነው በጨረቃ ቀይ ነጠላ ከሰማያዊ የማይለየው። ቀለም የሚለየው የዓይናችን ክፍል በዚያች ብርሃን አይሠራም። ሠርቅ ውስጥ ግን ጨረቃ ስትሞላ ሌሊቱ ደመና እንደዋለበት የነሐሴ ቀን ነው። ያርሙበታል፣ ይፈትሉበታል፣ ገበያ ይቆሙበታል። ልጆች አይተኙም። ዶሮ ግራ ይጋባል። “ዶሮ ከጮኸ የለም ሌሊት” የሚል ተረት እዚያ አይሠራም። ኮከብም አይታይም። ኮከብ ማየት የሚፈልግ ሰው ጨረቃ የምትጠፋባቸውን ጥቂት ሌሊቶች መጠበቅ አለበት። ጸዳለ ስለ ከዋክብት ያላት እውቀት ትንሽ የሆነው በዚህ ምክንያት ነው። ሰነፍ ስለሆነች አይደለም። ሰማይዋ ስለማያሳያት ነው።

እንግዲህ ወደ እሷ ልግባ።

የጸዳለ አባት በር ቆጣሪ ነው። ይህን ሥራ ያገኘሁት ከፋሲል ግቢ ነው። የግቢው አጥር 12 በር አለው፣ እያንዳንዱም ስም አለው፦ ወንበር በር፣ ተዝካሮ በር፣ እምቢልታ በር፣ ባልደራስ በር፣ እርግብ በር እያለ ይቀጥላል። በር ስም ካለው ባለቤትም አለው፣ የሚያልፍበትም ሰው ይለያል። 12 የፀሐይ በር ያለው አገርም ቆጣሪና ጠባቂ ሳይኖረው አይቀርም አልኩ። ከጸዳለ መንደር ሲታይ ምሥራቁ ተራራ ላይ ስድስት ሸለቆዎች ተደርድረዋል። አባቷ ጠዋት ጠዋት ፀሐይ በየትኛው እንደወጣች አይቶ የወይራ ዱላ ላይ አንድ ጭረት ይጭራል። በር ስትቀይር እምቢልታ ይነፋል፤ አገሩ ሁሉ ይሰማል። ልጅቱ መቁጠርን የተማረችው ከዚያ ዱላ ነው።

ከፍ ስትል ጥላ ቤት ገባች። እኛ ዜማ ቤት፣ ቅኔ ቤት፣ አቋቋም ቤት እንደምንለው ማለት ነው። ተማሪዎቹ እንደ ቆሎ ተማሪ ለምነው ይበላሉ። የሚማሩት ጥላ መለካት፣ ውኃ መቁጠርና ክፍሎቹን መደመር ነው። ሴት ልጅ እዚያ መግባቷ ነውር እንዳይሆን አድርጌ ነው የጻፍኩት፤ አውቄ ነው። ግማሹ መጽሐፍ በር ላይ በመከልከልና በመግባት ትግል እንዲያልቅ አልፈለግኩም። ያ ታሪክ መጻፍ አለበት፣ የሚጽፈው ይጻፈው። እኔ የፈለግኩት ሥራዋን ማየት ነው።

ሥራዋ ምን እንደሚመስል ጠጋ ብለን እንይ።

ቀን ቀን ጥላ አለ። ደልዳላ መሬት ላይ ቀጥ ያለ እንጨት ይተከላል፣ ቀጥ ማለቱ በቱንቢ ይታያል፣ ጥላው በጫማ ይለካል። እዚህም አገራችን የቀደሙት ሰዎች ሰዓት የሚያውቁት ጥላን በጫማ እየለኩ ነበር። ሌሊት ግን ጥላ ስለሌለ እንስራ ያስፈልጋል። እንስራው ከሥሩ ይበሳል፣ ቀዳዳው ላይ ቀጭን የላባ ዘንግ ይገባል፣ ዙሪያው በሰም ይደፈናል። ውኃው በላባው ውስጥ ጠብ ጠብ ይላል። አንድ እንስራ ሲያልቅ አንድ ክፍል ሄደ ማለት ነው። 18 እንስራ ሲያልቅ አንድ ቀንና ሌሊት ሞላ።

ቀላል ይመስላል። ቀላል ግን አይደለም። እንስራው ሙሉ ሲሆን ውኃው ይፈጥናል፣ ሲጎድል ይዘገያል። ስለዚህ ከላይ ሌላ እንስራ ተቀምጦ ያለማቋረጥ ይጨምርበታል፣ የተረፈው በከንፈሩ ይፈሳል፣ የሚቆጠረው ታች የተጠራቀመው ነው። ይህ የአሠራር ዘዴ እኔ የፈጠርኩት አይደለም። በእኛው ዓለም የውኃ ሰዓት የሠሩ የጥንት ሰዎችም የደረሱበት ነው። ተማሪዎቹ ሌሊት ሲቀያየሩ አንዱ ካንቀላፋ የአንድ ቀን ልፋት ገደል ገባ።

የጸዳለ የመጀመሪያው ትልቅ ሥራ እዚህ ላይ ይመጣል። ፀሐይ ወደ አንደኛው በር በወረደችበት፣ ብርዱ በጸናበት ወቅት የእንስራው ቁጥር ጎደለ። ቀንና ሌሊቱ ሲደመር 18 መሆኑ ቀረና 16 ሆነ። በሚቀጥለው ቀንም 16። አገር ተሸበረ። ሽማግሌዎቹ “ፀሐይ ቸኩላለች” አሉ። ምህላ ታወጀ። ልብ በሉ፣ ሠርቅ ውስጥ ይህ እብደት አይደለም። ፀሐይ በሠረገላ የምትሄድበት አገር ነው፣ ሠረገላውን ነፋስ ይነዳዋል። ሠረገላ ደግሞ ሊቸኩል ይችላል። እዚህ “ፀሐይ ቸኮለች” ቢባል እንስቃለን፤ እዚያ ግን መልሱ በጣም የሚታመን ነው። አደጋውም ይሄ ነው።

ጸዳለ የጥላ ቤቱን መምህር እንዲህ አለቻቸው።

“የኔታ፣ ፀሐይ አልቸኮለችም። እንስራው በርዶት ነው።”

“ምን ማለትሽ ነው ልጄ?”

“ሁለት እንስራ ይሙሉልኝ። አንዱን ውጭ፣ አንዱን ምድጃው ዘንድ እናስቀምጥ።”

ሁለቱም እኩል ተሞልተው እኩል ተከፈቱ። ምድጃው አጠገብ ያለው ቀድሞ አለቀ። ውጭ ያለው ገና እየተንጠባጠበ ነበር። ብርድ ውኃን ያሰንፈዋል። ይህም እውነት ነው፣ እናንተም ልትሞክሩት ትችላላችሁ። 10 ዲግሪ ላይ ያለ ውኃ በቀጭን ቱቦ ሲያልፍ፣ 25 ዲግሪ ላይ ካለው ይልቅ ጊዜ የሚወስደው አንድ ተኩል እጥፍ ያህል ነው።

ልጅቱ ያለችው አንድ ነገር ነው። “ሁለቱም እንስራ የሚለኩት አንዲቷን ፀሐይ ነው። አንዱ ቸኮለች፣ አንዱ አልቸኮለችም ሊል አይችልም።”

ከዚያ በኋላ የኔታ ያደረጉትን በጣም እወደዋለሁ። አላጨበጨቡም፣ አልተቆጡም። ተነሥተው ሁለቱን እንስራ ቦታ ቀያየሯቸው። ውጭ የነበረውን ምድጃው ዘንድ አመጡት፣ ምድጃው ዘንድ የነበረውን ወደ ውጭ አወጡት። እንደገና ሞሏቸው። ምናልባት ልዩነቱ ከላባው ቀዳዳ ይሆናላ! አሁንም ምድጃው ዘንድ ያለው ቀደመ። ያኔ ነው “እንስራው በርዶት ነው” ብለው ምህላው እንዲቆም ሰው የላኩት። በጠቅላላው መጽሐፍ ውስጥ ሳይንስ የቱ ጋ ነው ብትሉኝ፣ እነዚያ ሽማግሌ እንስራ ተሸክመው ጓሮ ሲወጡ ነው እላችኋለሁ። ልጅቱ ጥሩ ሐሳብ አመጣች። እሳቸው ግን ሐሳቡ ሊወድቅ የሚችልበትን መንገድ ፈለጉለት። ደግሞ ለሚወዷት ተማሪያቸው ነው ይህን ያደረጉት።

የወጣትነት ሥራዋ እንግዲህ አንድን ተአምር ማስቀረት ነበር። በድንቅ ነገር በተሞላ አገር፣ ይሄኛው ድንቅ የለም ብሎ ማሳየት። በዚህ ዝና አልተገኘም። ምህላ የሚወዱ ሰዎች ቅር ተሰኙ፣ ሌላው ረሳው። ከዚያ ወዲህ ግን ሠርቅ ውስጥ የሚለካ እንስራ ሁሉ ምድጃ ዘንድ ይቀመጣል።

የመካከለኛ ዕድሜዋን ቶሎ ልለፈው። አገባች፣ ወለደች፣ ጥላ ቤቱን ወረሰች። ድርቅ መጣ፣ ተማሪ ተበተነ፣ ተመለሰ። ልብ ወለዱ ውስጥ ሰፊ ቦታ አለው፤ ለዛሬ ግን ይቆየን።

የሕይወቷ ትልቁ ሐሳብ የመጣው ከሌሊቱ መንገድ ነው። ትንሽ ስሌት ስላለው ታገሡኝ።

ስድስተኛው በር በሰሜን ጫፍ ነው፣ አንደኛው በደቡብ። ፀሐይ ሌሊት በሰሜን ዞራ ትመለሳለች ብለናል። በሰሜን ጫፍ ስትገባ መንገዷ አጭር ነው፣ ሌሊቱም አጭር ነው፣ 6 ክፍል። በደቡብ ጫፍ ስትገባ መጀመሪያ በሮቹ በተደረደሩበት በምዕራቡ ተራራ፣ እንደ ግንብ በቆመው በኩል ወደ ሰሜን መውጣት፣ ሰሜኑን መሻገር፣ ከዚያ በምሥራቁ ግንብ በኩል ወደ ደቡብ መውረድ አለባት። ሌሊቱም ይረዝማል፣ 12 ክፍል። ጸዳለ እንዲህ አሰበች። ከሰሜን ጫፍ እስከ ደቡብ ጫፍ ስድስት የበር ወርድ አለ። በምዕራብ ስድስት፣ በምሥራቅ ስድስት፣ ድምሩ 12 ወርድ ተጨማሪ መንገድ ነው። ለዚህ 12 ወርድ ፀሐይ የወሰደችው 6 ተጨማሪ ክፍል ነው። እንግዲያው በአንድ ክፍል ሁለት ወርድ ትሄዳለች። እንግዲያው በሰሜን ጫፍ በ6 ክፍል የምትሻገረው ምድር 12 ወርድ ነው።

አያችሁ? ከመንደሯ ሳትወጣ የዓለሟን ስፋት ለካች። በእንስራና በበር ቁጥር ብቻ። የጥንቱ ግሪካዊ ሊቅ ኤራቶስቴንስ በሁለት ከተማ መካከል ያለውን የጥላ ልዩነት ይዞ የምድርን ዙሪያ ያሰላው በእንዲህ ዓይነቱ ድፍረት ነው። ይህን ስሌት ከሄኖክ ቁጥሮች ላይ ስሠራው እጄ እየተንቀጠቀጠ እንደነበር አልደብቃችሁም። የሌሊቱ ቁጥር ልክ ይመጣል!

የቀኑ ግን አልመጣላትም። በደቡብ ጫፍ ቀኑ 6 ክፍል ነው። በአንድ ክፍል ሁለት ወርድ ከሆነ ፀሐይ 12 ወርድ ብቻ ትሄዳለች። የምድሩ ስፋት ራሱ 12 ወርድ ነው። ስለዚህ ፀሐይ ከምሥራቅ ወደ ምዕራብ መሬት ለመሬት መሄድ ነበረባት። ሽቅብ ለመውጣት የሚተርፋት መንገድ የለም። እንጨቷ ግን ሌላ ነገር ነገራት። በዚያ ወቅት የእኩለ ቀን ጥላ የእንጨቱን ቁመት ያህላል። ይህ ማለት ፀሐይ ከአድማሱና ከአናት መካከል፣ ልክ ግማሹ ላይ ቆማለች። ሽቅብ ወጥታለች!

ሁለት ነገር ሊሆን ይችላል አለች። ወይ የደቡቡ ምድር ከሰሜኑ ይጠብባል፣ ወይ ፀሐይ በብርድ ወራት ቀን ቀን ትቸኩላለች።

አስቡት እስቲ። በወጣትነቷ “ፀሐይ አልቸኮለችም” ያለችው ሴት ናት። አሁን የራሷ ስሌት “ምናልባት ትቸኩላለች” ይላታል። ቀላሉ መንገድ “ምድሩ ይጠብባል” ብሎ መዝጋት ነበር። ማንም ሄዶ አላየውማ! እሷ ግን ሄደች። ከተማሪዎቿ ጋር የደቡቡን ምድር ከግንብ እስከ ግንብ በገመድ ለካች። የቃጫ ገመድ ሲረጥብ ያጥራል፣ ልኬቱን ያበላሻል። ስለዚህ ገመዱን በሰም አሸች፣ ጠዋት ጠዋትም ከተተከሉ ሁለት ድንጋዮች ጋር እያስተያየች መርዘም ማጠሩን አየች። ይህ የልብ ወለዱ ረጅሙ ምዕራፍ ነው። ረቂቁን ያነበበ አንድ ወዳጄ “እዚህ ጋ ጦርነት ወይ ዘንዶ ብታስገባበት” አለኝ። አላስገባሁም። ገመዱ ይበቃል። አንዲት አሮጊት ትክክለኛውን ነገር ለማወቅ በጉልበቷ ተንበርክካ ቋጠሮ ስትቆጥር የማይያዝ አንባቢ ካለ፣ ዘንዶም አይዘውም።

የደቡቡም ስፋት 12 ወርድ ሆነ። ፀሐይ ትቸኩላለች።

አሁን ብዙ ጸሐፊ እዚህ ላይ እሳት ያነድዳል። ሳይንቲስቱ እውነቱን ይናገራል፣ ሹማምንቱ ያስሩታል፣ ያቃጥሉታል። በታሪክ የሆነ ነው፣ አልክድም። ግን አብዛኛውን ጊዜ የሚሆነው ሌላ ነው፤ ከዚያም የሚከፋ ይመስለኛል። ጸዳለ አደባባይ ቆማ ተናገረች። ሰዎቹ በጨዋነት ሰሟት። ከዚያ አንዲት ባልቴት “ታዲያ ድሮውንስ ቸኩላለች ብለን አልነበር? ያኔ ምህላውን ያስቆምሽው አንቺ ነሽ” አለቻት። ሕዝቡም “እውነቷን ነው” አለ። ተነሥተው ወደየቤታቸው ሄዱ።

ይህን ትዕይንት ስጽፍ አዝኜ ነው የጻፍኩት። ምን ብላ ትመልስላቸው? ያኔ እነሱ ቸኮለች ያሉት ቀንና ሌሊቱን በሙሉ ነው፣ በበረደ እንስራ ለክተው። አሁን እሷ የምትለው ቀኑን ብቻ ነው፤ በሞቀ እንስራ፣ በእንጨት ጥላና በገመድ አይታ። ሁለቱ አባባሎች ጆሮ ላይ አንድ ይመስላሉ። በግምት የተባለና በልኬት የተገኘ ነገር አንድ ቃል ሲለብሱ የሚለያቸው ሰው ጥቂት ነው። ደግሞ ልዩነቱን ለማየት እንስራውን መሸከም ያስፈልጋል። እዚያ አደባባይ ላይ ደግሞ ያን እንስራ የተሸከሙት የኔታ የሉም፤ ካረፉ ቆይተዋል።

አንድ ተማሪዋ ግን ቀረ። ሲመሽ መጥቶ “የኔታ፣ ገመዱን ይስጡኝ” አላት። አላመናትም። ሄዶ በራሱ ሊለካ ነው። በሕይወቷ እንዲህ ደስ ያላት ቀን የለም።

ከንግግሩ በኋላ ከተሰብሳቢው ጥያቄዎች ተነሥተው ነበር፤ ሁለቱን ላንሣ።

አንዲት የዩኒቨርሲቲ ተማሪ “ታዲያ ፀሐይ የምትቸኩለው ለምንድን ነው? እርስዎ ፈጣሪው ስለሆኑ ያውቁታል አይደል?” አለችኝ። አዎ፣ አውቀዋለሁ። ነፋሱ ነው፤ በደቡቡ ግንብና በሠረገላው መካከል ያለው ቦታ ሲጠብ ነፋሱ ይበረታል። ጸዳለ ግን አታውቀውም፣ እስክትሞት ድረስም አላሳውቃትም። ሰማይ ላይ ያለ ነፋስ መለኪያ የላትም። በሕልም ወይም በመልአክ ልነግራት እችል ነበር፤ በዚያ አገር አያስነውርም። ግን እንደዚያ ባደርግ የደከመችበትን ሁሉ ከእጇ እነጥቃታለሁ። በብራናዋ መጨረሻ ላይ “ቀን ትቸኩላለች፤ ምክንያቱን አላገኘሁም” ብላ ትጽፋለች። ከዚያ በታች ባዶ ቦታ ትተዋለች፣ ተማሪው እንዲጽፍበት።

ሌላ ወጣት ደግሞ “የእኛ ሰማይ በር የለው፣ ሠረገላ የለው። እዚህ ምን እንለካለን?” አለ። ጥያቄውን ወደድኩት። ጎንደር ላይ ፀሐይ በዓመት ሁለት ጊዜ ልክ አናታችን ላይ ትቆማለች። አንዴ ሚያዝያ አጋማሽ ላይ፣ አንዴ ደግሞ በቡሄ ሰሞን። በእነዚያ ቀናት በእኩለ ቀን ቀጥ ብሎ የቆመ እንጨት ጥላ የለውም። በሁለቱ መካከል ባሉት ወራት የእኩለ ቀን ጥላ ወደ ደቡብ ይወድቃል፤ በቀረው ጊዜ ወደ ሰሜን። የብዙ ዓመት የጎንደር ነዋሪ ሆኖ ይህን ያላየ ብዙ ነው። ቀጥ ያለ እንጨትና ቱንቢ ብቻ ይበቃል። ለቱንቢው ክር ላይ የታሰረ ጠጠርም ይሆናል። ቡሄ ደመና ሊሆንባችሁ ስለሚችል በሚያዝያ ጀምሩ፣ ከ10ኛው ቀን እስከ 20ኛው ድረስ በየቀኑ ለኩ። ሰዓቱን ግን ልብ በሉ። በስልካችሁ ስድስት ሰዓት ላይ ብትወጡ ትቀድማላችሁ። የአገራችን ሰዓት የተቆረጠው ከእኛ በስተምሥራቅ ላለ መስመር ስለሆነ፣ ጎንደር ላይ እኩለ ቀን የሚሆነው ስድስት ሰዓት ተኩል ገደማ ነው። ከስድስት ከሩብ ጀምሮ እየለካችሁ ጥላው በጣም ያጠረበትን ቅጽበት ጻፉት። እኔም በዚያ ሰሞን ጃን ተከል አካባቢ ነኝ፣ ልኬታችሁን ይዛችሁ ኑና እናስተያይ።